ፉትቦልን የወለዱት ዩኒቨርሲቲዎች ገንዘቡን ለቀው በሩን ያዙ

ዲሴምበር 2024 ላይ አይቪ ሊግ ማለትም ሀርቫርድ፣ ዬል፣ ፕሪንስተን፣ ኮሎምቢያ፣ ብራውን፣ ዳርትመዝ፣ ኮርኔልና ፔን አንድ ውሳኔ አሳለፉ፣ የፉትቦል ሻምፒዮናቸው ከ2025 ጀምሮ ወደ አገር አቀፉ ፕሌይኦፍ ማለትም ሲዝኑ ሲያልቅ ወደሚደረገው ጥሎ ማለፍ መግባት ይችላል ተባለ። ለብዙ ሰው ይሄ የስፖርት ገፅ ጥግ ላይ ምትቀመጥ ትንሽ ዜና ናት። ግን እነዚ ትምህርት ቤቶች ሊጉን ከመሰረቱ ጀምሮ ለ70 አመት ገደማ "አንሄድም" ሲሉ የኖሩበት ነገር ነው፣ በቅርጫት ኳስ ይሄዳሉ፣ በዋና ይሄዳሉ፣ በሩጫ ይሄዳሉ፣ በፉትቦል ብቻ ኖቬምበር ሲያልቅ ዩኒፎርማቸውን አጥበው ቤታቸው ይገባሉ። በዚህ ስፖርት ብቻ ለምን? መልሱን ለማግኘት 150 አመት ወደ ኋላ መሄድ ያስፈልጋል፣ ምክንያቱም ጨዋታውን የፈጠሩት እነሱ ናቸው፣ በገንዘብ ያበላሹትም መጀመሪያ እነሱ ናቸው፣ እና ዛሬ የአሜሪካ ኮሌጅ ስፖርት በክፍያ ጉዳይ ሲናጥ የምናየው ነገር ዘሩ እዛ ነው ያለው።

ፉትቦል ስል የኛን እግር ኳስ ማለቴ እንዳልሆነ መቼም ገብቷችኋል፣ ያ ሄልሜት አጥልቀው ሚጋጩበትን፣ ሞላላ ኳስ በእጅ ይዘው ሚሮጡበትን ነው። የሚገርመው ግን ሲጀመር የኛውን ነበር ሚመስለው። ኖቬምበር 6 ቀን 1869 ኒው ጀርሲ ውስጥ ሩትገርስና ፕሪንስተን ሲገናኙ በአንድ ወገን 25 ሰው ነበር የተሰለፈው፣ ኳሷ ክብ ናት፣ ይዞ መሮጥ ክልክል ነው፣ በእግር መትተህ ወይ በእጅ ገፍተህ ነው ምታስገባው። ሩትገርስ 6 ለ 4 አሸነፈ። የአሜሪካ ኮሌጅ ፉትቦል ልደቱን ሚቆጥረው ከዛች ቀን ነው።

ታዲያ እንዴት ወደ ዛሬው መልኩ መጣ ካላችሁ ሀርቫርድ እምቢ ስላለ ነው። በ1873 ዬል፣ ኮሎምቢያ፣ ፕሪንስተንና ሩትገርስ ኒው ዮርክ ላይ ተሰብስበው አንድ ህግ ሲያወጡ ሀርቫርድ አልመጣም፣ የራሱ የቦስተን አጨዋወት ነበረው፣ እዛ ላይ ኳስ ማንሳትና መሮጥ ይፈቀዳል። ብቻውን ሲቀር ተጋጣሚ ፍለጋ ካናዳ ድረስ አማተረና በሜይ 1874 የሞንትሪያሉን ማክጊል ጋበዘ። የመጀመሪያውን ቀን በሀርቫርድ ህግ ተጫወቱ፣ በሁለተኛው ቀን በእንግዶቹ ህግ ማለትም ራግቢ ተጫወቱና 0 ለ 0 ወጡ። የሀርቫርድ ልጆች በራግቢው ተማረኩ። በዓመቱ ኖቬምበር 13 ቀን 1875 ዬልን ኒው ሄቨን ላይ ገጥመው 4 ለ 0 ሲያሸንፉ ዬሎችም ወደዱት፣ በ1876 ደሞ ስፕሪንግፊልድ ማሳቹሴትስ ላይ ተገናኝተው ራግቢውን የጋራ ህጋቸው አደረጉት። ሀርቫርድ ያኔ እሺ ብሎ ቢመጣ ኖሮ አሜሪካ ዛሬ የኛን እግር ኳስ ስትጫወት ልናያት እንችል ነበር፣ እኔ ይሄን ነገር ባሰብኩ ቁጥር ይገርመኛል።

ራግቢውን ወደ ራሱ ጨዋታ የቀየረው ዋልተር ካምፕ ሚባል የዬል ሰው ነው። በ1880 ተጫዋቹን ወደ 11 አወረደ፣ ኳስ የያዘው ቲም ከመሬት አስነስቶ በሰላም እንዲጀምር የሚያደርገውን መስመር አመጣ። ግን ይሄ ህግ ቀዳዳ ነበረው፣ ኳሷን የያዘ ቲም እንዲለቅ ሚያስገድደው ነገር የለም። በ1881 ፕሪንስተንና ዬል ሲገናኙ ይሄ ቀዳዳ ጉድ አፈላ፣ ፕሪንስተን አንዱን አጋማሽ ሙሉ ኳሷን ይዞ ቁጭ አለ፣ ዬል ሌላኛውን አጋማሽ ሙሉ ይዞ ቁጭ አለ፣ 0 ለ 0 አለቀና ተመልካቹ በንዴት ነደደ። ካምፕ በ1882 መፍትሄ አመጣ፣ በ3 ሙከራ 5 ያርድ ማለትም 4 ሜትር ተኩል ገደማ ካልሄድክ ኳሷን ታስረክባለህ። ያንን ለመለካት ሜዳው ላይ በየ5 ያርዱ ነጭ መስመር ተሰመረ፣ ከላይ ሲታይ የስጋ መጥበሻ ፍርግርግ መሰለ፣ ፈረንጆቹ ዛሬም ድረስ ሜዳውን በመጥበሻ ስም ነው ሚጠሩት። እያንዳንዱ ሙከራ ቆሞ ስለሚጀመር ደሞ ለእቅድ፣ ለአሰልጣኝና ለስልት ጊዜ ተገኘ፣ የፉትቦል ባህሪ በሙሉ የመጣው ከዛች ቀዳዳ መድፈኛ ነው ብል ማጋነን አይሆንም።

ከዛ በኋላ የነበሩት 20 እና 30 አመታት የነዚ ትምህርት ቤቶች ዘመን ናቸው። ዬል በ1888 ሲዝኑን ሙሉ 698 ነጥብ አስቆጥሮ አንድም ሳይገባበት ጨረሰ። በታንክስጊቪንግ ቀን ኒው ዮርክ ላይ ሚደረገው የዬልና የፕሪንስተን ጨዋታ በ1890ዎቹ 40,000 ገደማ ሰው ይስብ ነበር፣ ሀብታሙ በሰረገላ መጥቶ ሰረገላው ላይ ሆኖ እየበላና እየጠጣ ያያል፣ ዛሬ የፓርኪንግ ሜዳ ላይ ስጋ እየጠበሱ ሚጠብቁት ቴይልጌት የዛ የልጅ ልጅ ነው። ጋዜጦች ለዚህ ጨዋታ ብለው ገፆቻቸውን አሰፉ። ዬል ከ1889 ጀምሮ ሃንድሰም ዳን ሚባል ቡልዶግ ውሻ ይዞ ሜዳ ይመጣ ጀመር፣ የዛሬዎቹ የዩኒቨርሲቲ ማስኮቶች ፈር ቀዳጅ እሱ ነው። የየአመቱ ምርጥ ተጫዋቾች ዝርዝር፣ ከለር ለይቶ መልበስ፣ የተደራጀ የጭፈራ ድጋፍ፣ እነዚ ሁሉ እዛ ሰፈር ነው ስር የሰደዱት።

"አይቪ ሊግ" ሚለው ስም ራሱ ከክፍል ውስጥ የመጣ አይደለም። በ1930ዎቹ የኒው ዮርክ ስፖርት ጋዜጠኞች ናቸው ግድግዳቸው ላይ ሐረግ የወጣባቸውን አሮጌ ትምህርት ቤቶች በአንድ ላይ ለመጥራት የተጠቀሙበት። እኛ ዛሬ ልጃችን አይቪ ሊግ ገባ ብለን እልል ስንል ምንጠራው ስም የፉትቦል ገፅ ስም ነው።

አሁን ወደ ገንዘቡ ልምጣ፣ ምክንያቱም ጉዳዩ ያለው እዚህ ነው። ሰው ሁሉ የኮሌጅ ተጫዋች መከፈል የጀመረው በዚህ አስር አመት ይመስለዋል፣ ግን አይደለም። ጄምስ ሆጋን ሚባል የዬል ካፒቴን ነበር፣ ዘመኑ 1904 ነው፣ እድሜው ከሀያ አምስት አልፏል። ትምህርቱ በነፃ ነው፣ ካምፓሱ ላይ ካሉት ማደሪያዎች ምርጡ ውስጥ ይኖራል፣ ሲዝኑ ሲያልቅ ኩባ ድረስ ለመዝናናት ተልኳል፣ ከዛ በላይ ደሞ ከአንድ ትልቅ ትምባሆ ኩባንያ ጋር ውል ነበረው፣ ኒው ሄቨን ውስጥ ከሚሸጥ ሲጋራ ኮሚሽን ይቆረጥለታል። ዝናው ነው ሚሸጠው ማለት ነው። በ1905 አንድ መፅሔት ይሄን አውጥቶ ፃፈው፣ በዛው ሰሞን ዋልተር ካምፕ 100,000 ዶላር ገደማ የፉትቦል ገንዘብ ለብቻው ይዞ እንደነበር ወጣ፣ በዛ ዘመን ዶላር አስቡት። ዛሬ ተጫዋች በስሙና በምስሉ ገንዘብ ማግኘት ቻለ ተብሎ በ2021 እንደ አዲስ ሲወራ የሆጋን ሲጋራ ነው ትዝ ሚለኝ፣ ልዩነቱ ያኔ በጓዳ ነው አሁን በአደባባይ።

ያው 1905 የመከራ አመትም ነበር። ጨዋታው እጅ ለእጅ ተያይዞ በጅምላ መግፋት ነበር፣ ሀርቫርድ በ1892 ዬል ላይ ያመጣው ሰው በሰው ሽብልቅ ሰርቶ እየሮጠ አንዱን ተከላካይ ሚደፈጥጥበት ስልት እግርና አንገት ሰበረ፣ በ1894 የሁለቱ ጨዋታ ከመድማቱ የተነሳ ሁለት አመት ሳይገናኙ ቆዩ። በ1905 ሲዝን በመላ አገሪቱ ቢያንስ 18 ልጆች ሞቱ። ፕሬዝዳንት ቴዎዶር ሩዝቬልት፣ የሀርቫርድ ምሩቅ ነው፣ ልጁም ያኔ ሀርቫርድ ይጫወት ነበር፣ ኦክቶበር ላይ የሀርቫርድ የዬልና የፕሪንስተንን ሰዎች ኋይት ሀውስ ጠርቶ አስተካክሉት አላቸው። ኮሎምቢያ ጭራሽ ፉትቦልን ዘጋ፣ ስታንፎርድና በርክሌይ ወደ ራግቢ ዞሩ፣ የሀርቫርዱ ፕሬዝዳንት ቻርልስ ኤሊዮት ጨዋታው ይጥፋ ሚል ሰው ነበር።

እዚህ ጋ የስታዲየሙን ነገር ሳልናገር ማለፍ አልችልም። ቦስተን ስትመጡ ቻርልስ ወንዝን በእግር ተሻግራችሁ ኦልስተን ስትገቡ ፈረስ ኮቴ ቅርፅ ያለው ግራጫ ኮንክሪት ታያላችሁ፣ ሀርቫርድ ስታዲየም እሱ ነው፣ በ1903 ነው የተሰራው፣ በ1879 የተመረቁ ተማሪዎች ባዋጡት 100,000 ዶላር ነው የተጀመረው። በሱ ስፋት በብረት በተጠናከረ ኮንክሪት የተሰራ ነገር ያኔ ብርቅ ነበር። መቀመጫው ትራስ ምናምን የለውም፣ ደረጃው ገደል ነው፣ የቦስተን ሯጮች ጠዋት ጠዋት እየወጡ ይወርዱበታል፣ በ1984 ኦሎምፒክ ጊዜ ደሞ የኛ እግር ኳስ የማጣሪያ ጨዋታዎች ተደርገውበታል። እና በ1906 የህግ ሰዎቹ ጨዋታው ይላላ ዘንድ ሜዳው ይስፋ ሚል ሀሳብ ሲያነሱ ሀርቫርድ ስታዲየም ገና አዲስ ነው፣ ኮንክሪቱ ሜዳውን ጥርቅም አድርጎ ይዞታል፣ ማፍረስ ካልሆነ በቀር ማስፋት አይቻልም። ስለዚ በስፋቱ ፋንታ ኳስ ወደ ፊት መወርወር ተፈቀደ፣ ከ5 ያርድ ይልቅ 10 ያርድ ተደረገ። ዛሬ በቴሌቪዥን ምታዩት ያ 50 ያርድ ሚበር ፓስ አንዱ ምክንያቱ ያ ግራጫ ኮንክሪት ነው። የአሜሪካን ኮሌጅ ስፖርት ሚያስተዳድረው ኤንሲኤኤ ሚባለው ተቋምም ከዚሁ ከ1905 ድንጋጤ ነው የተወለደው።

ከዛስ ታላላቆቹ ለምን ተዉት? አንድም ቀን ቁጭ ብለው አልተዉትም፣ ቀስ እያለ ነው የሆነው። የመንግስት ዩኒቨርሲቲዎች ትልልቅ ስታዲየም ሰሩ፣ ተጫዋች በስኮላርሺፕ ማምጣት ጀመሩ፣ እነ ዬል መወሰን ነበረባቸው፣ ወይ ተወዳደር ወይ ውረድ። መጀመሪያ ክፉኛ የወሰነው ግን ከምስራቅ ሳይሆን ከቺካጎ ነው። የቺካጎ ዩኒቨርሲቲ በአሎንዞ ስታግ፣ እሱም የዬል ልጅ ነው፣ ኃያል ቲም ነበረው፣ ለአመቱ ምርጥ የኮሌጅ ተጫዋች ሚሰጠውን ሂዝማን ትሮፊ በ1935 ለመጀመሪያ ጊዜ የወሰደው ጄይ በርዋንገር የነሱ ነው። በ1939 ፕሬዝዳንቱ ሮበርት ሀትቺንስ ፉትቦል ለትምህርት ምንም አይጠቅምም ብሎ ዘጋው። ስታዲየሙ ባዶ ቀረ። ሶስት አመት ሳይሞላ፣ ዲሴምበር 2 ቀን 1942፣ በዛው ስታዲየም መቀመጫ ስር በነበረች የራኬት መጫወቻ ክፍል ውስጥ ኤንሪኮ ፈርሚና ቡድኑ በሰው እጅ የተሰራውን የመጀመሪያ የኒውክሌር ሰንሰለት ለኮሱ። ፉትቦሉ ባይዘጋ ያ ክፍል ለዚህ ስራ ይገኝ ነበር ወይ ሚለውን ለናንተ ልተወው፣ ዛሬ ቦታው ላይ ትልቁ ቤተ መፅሐፍታቸው ቆሟል።

ስምንቱ የአይቪ ትምህርት ቤቶች ደሞ በ1945 በፉትቦል ላይ ተስማሙ፣ በ1954 ስምምነቱን ለሁሉም ስፖርት አሰፉት፣ በ1956 ሊጉ በይፋ መጫወት ጀመረ። ዋናው ቃል አንድ ነው፣ ለስፖርት ብሎ ስኮላርሺፕ የለም። ሁሉም ደስ ብሎት አልገባም፣ ፔን ለምሳሌ ያኔ በቴሌቪዥን ሚተላለፍ፣ ፍራንክሊን ፊልድ ሚባለውን ስታዲየሙን ሚሞላ ቲም ነበረው፣ በ1951 ከኤንሲኤኤ ጋር በቴሌቪዥን መብት ተጣልቶ ተሸንፎ ነው የተመለሰው።

ብዙ ፀሐፊ ታሪኩን እዚህ ላይ ይዘጋዋል፣ ንፁህ ሆኑ፣ ትምህርትን መረጡ ተብሎ። እኔ እዚህ ላይ አልስማማም። ገንዘቡን ተዉ፣ እውነት ነው፣ ግን ከገንዘብ የሚበልጥ ሌላ መክፈያ እጃቸው ላይ ቀረ፣ እሱም በሩ ነው። ሀርቫርድ ላይ የተመሰረተው የአድሚሽን ክስ በ2018 ፍርድ ቤት ሲታይ ከወጡት ቁጥሮች አንዱ ይሄ ነበር፣ አሰልጣኝ የመረጣቸው ስፖርተኞች ካመለከቱት 86 በመቶ ገደማ ይገባሉ፣ ያኔ አጠቃላዩ አመልካች ከ100 ውስጥ 5 ገደማ ነበር ሚገባው። ሀርቫርድ 42 ቲም አለው፣ ከፍተኛው የኮሌጅ ስፖርት ደረጃ በሆነው ዲቪዥን አንድ እንደሱ ብዙ ቲም ያለው የለም። ለፉትቦል ብቻ አንድ የአይቪ ቲም በዓመት እስከ 30 ልጅ መምረጥ ይችላል። ያ ደብዳቤ ዋጋው ስንት ነው? ሌላ ቦታ ሙሉ ስኮላርሺፕ ያገኘ ልጅ አራት አመት ተጫውቶ ጉልበቱ ሲጎዳ ሚቀረውን አስቡ፣ ከዛ ፕሪንስተን የገባውን አስቡ። ስለዚ አይቪ ሊግ ተጫዋች አይከፍልም ሲባል በጥሬ ገንዘብ አይከፍልም ማለት ነው።

በስም ስኮላርሺፕ የለም እንጂ የቤተሰብ ገቢ ታይቶ ሚሰጠው እርዳታ ደሞ ትንሽ አይደለም። ሀርቫርድ ከ2025 መኸር ጀምሮ የቤተሰቡ ገቢ ከ100,000 ዶላር በታች የሆነ ተማሪ ምንም አይከፍልም፣ እስከ 200,000 ያለው ደሞ የትምህርት ክፍያ የለበትም ብሏል። ከ50 ቢሊዮን ዶላር በላይ ተቀማጭ ያለው ተቋም ነው፣ አቅሙ አለው። ይሄን ነገር በተለይ እዚህ አሜሪካ ያለን ሀበሾች ልብ ብንለው ደስ ይለኛል። አንድ ማውቀው አባት ልጁን አስረኛ ክፍል ላይ ከፉትቦል ቲም አስወጣው፣ ለምን ጋሼ ስለው "ልጄን ያመጣሁት ለጭንቅላቱ ነው እንጂ ለትከሻው አይደለም" አለኝ። አነጋገሩ ልቤ ውስጥ ገብቷል፣ ስጋቱም ትክክል ነው፣ ወደሱ እመለሳለሁ፣ ግን የበሩን አሰራር ሳያውቅ ነው የወሰነው። የጎረቤቱ ፈረንጅ ቤተሰብ ልጁን ከስምንት አመቱ ጀምሮ ቀዘፋ ወይ ስኳሽ ወይ ሻሞላ ሚያስለምደው ለመዝናኛ ብቻ አይደለም፣ እነዚ ብዙ ሰው ማይጫወታቸው ስፖርቶች በሩ ላይ ይቆጠራሉ፣ ውድ ስለሆኑ ደሞ ሀብታም ነው ሚገባባቸው። ፉትቦል በዚህ ረገድ ከነሱ ይሻላል፣ ከሰራተኛ ቤተሰብ፣ ከደቡብ ግዛቶች፣ ከጥቁር ሰፈር ልጅ ሚያመጣ ስፖርት እሱ ነው። በ2019 የኤፍቢአዩ ምርመራ ሲወጣ ሀብታም ወላጆች ልጆቻቸውን በሀሰት ስፖርተኛ አስመስለው ለማስገባት ለአሰልጣኞች ጉቦ እንደሰጡ ታየ፣ ዬል ላይ በሴቶች እግር ኳስ ነበር፣ ስታንፎርድ ላይ በጀልባ። ሌባ ወደ ባዶ ቤት አይገባም፣ ያ በር ውድ መሆኑን ነው ያሳዩን።

የጥቁር ልጆችን ነገር ካነሳሁ ዘንድ ሶስት ስም ልጥራ። ዊልያም ሄንሪ ሉዊስ የባርያ ወላጆች ልጅ ነው፣ ሀርቫርድ ህግ እየተማረ ሲጫወት በ1892 የአገሪቱ ምርጦች ዝርዝር ውስጥ የገባ የመጀመሪያው ጥቁር ሆነ፣ በኋላ የፌደራሉ ረዳት ጠቅላይ አቃቤ ህግ ደረጃ ደርሷል። ሊቫይ ጃክሰን አባቱ ዬል ምግብ ቤት ይሰራ የነበረ የኒው ሄቨን ልጅ ነው፣ የቲም ጓደኞቹ የ1949 ካፒቴን አድርገው መረጡት። ሶስተኛው ቼስተር ፒርስ ነው። ኦክቶበር 1947 ሀርቫርድ ወደ ቨርጂኒያ ሄደ፣ በዛ ዘመን የደቡብ ነጭ ዩኒቨርሲቲ በራሱ ሜዳ ጥቁር ተጫዋች አይገጥምም፣ ፒርስ ገብቶ ተጫወተ፣ ሀርቫርድ 47 ለ 0 ተሸነፈ፣ ውጤቱን ግን ማን ያስታውሰዋል። ሰውዬው የአእምሮ ሀኪምና የሀርቫርድ ፕሮፌሰር ሆነ፣ ዛሬ በየቢሮው ምንሰማውን ማይክሮአግረሽን ሚለውን ቃል የፈጠረው እሱ ነው። ትንንሽ ንቀት ቀን ተቀን ሲጠራቀም ሰውን ምን እንደሚያደርግ ስም የሰጠው ሰው ያን ቅዳሜ እዛ ሜዳ ላይ ቆሞ ነበር።

ጨዋታው በነዚ ትምህርት ቤቶች ልብ ውስጥ ያለውን ቦታ ለማየት ደሞ ኖቬምበር 23 ቀን 1968ን ማየት ይበቃል። ሀርቫርድና ዬል ሁለቱም ሳይሸነፉ መጡ፣ ከ1909 ወዲህ እንዲህ ሆኖ አያውቅም። 42 ሰከንድ ሲቀር ዬል 29 ለ 13 ይመራል፣ የዬል ደጋፊ ነጭ መሀረብ እያውለበለበ ነው። የሀርቫርዱ ተቀያሪ ፍራንክ ቻምፒ አንድ ተችዳውን ማለትም ኳሷን የተጋጣሚ መጨረሻ መስመር አሳልፎ ሚገኝ 6 ነጥብ አስገኘ፣ ሁለት ነጥብ ተጨመረ፣ አጭር ተመትታ የተለቀቀችውን ኳስ ሀርቫርድ መልሶ ያዛት፣ ሰዓቱ ዜሮ ሲል ሌላ ተችዳውን፣ ከዛ ሰዓት በሌለበት የመጨረሻዋን ሁለት ነጥብ ፒት ቫርኒ ደረቱ ላይ ያዛት። 29 ለ 29። የተማሪዎቹ ጋዜጣ "ሀርቫርድ ዬልን 29 ለ 29 አሸነፈ" ብሎ ወጣ። ከሀርቫርድ ተጫዋቾች አንዱ በኋላ የሆሊውድ ተዋናይ የሆነው ቶሚ ሊ ጆንስ ነበር። ያ አመት ቬትናም ያለበት፣ ማርቲን ሉተር ኪንግ የተገደለበት አመት ነው፣ እዛ ሜዳ ላይ ከጦርነት የተመለሰም፣ ጦርነቱን ሚቃወምም ባንድ ማልያ ተሰልፎ ነበር። ልክ በ51ኛ አመቱ በ2019 ደሞ በእረፍት ሰዓት ተማሪዎች ዬል ሜዳ መሀል ገብተው ቁጭ አሉ፣ ዩኒቨርሲቲዎቻችን ገንዘባቸውን ከነዳጅ ኩባንያ ያውጡ ብለው፣ ከተቀመጠበት እየወረደ ሚቀላቀላቸው በዛ፣ ጨዋታው አንድ ሰዓት ገደማ ዘገየ፣ ሜዳው መብራት ስለሌለው በሁለት ጭማሪ ሰዓት ዬል 50 ለ 43 ሲያሸንፍ ሊጨልም ነበር። ተቃውሞአቸውን ቤተ መፅሐፍት በር ላይ ሳይሆን እዛ ያደረጉት የቀድሞ ተማሪውም፣ ለጋሹም፣ ካሜራውም ያለው እዛ ስለሆነ ነው።

ወደ ጋሼ ስጋት ልመለስ፣ ጭንቅላት። ሰው በአእምሮው ከፍለህ ግባ ብለህ አምጥተህ አእምሮውን ሚያናጋ ጨዋታ ታጫውተዋለህ፣ ይሄ ለነዚ ዩኒቨርሲቲዎች ከማንም በላይ ከባድ ጥያቄ ነው፣ ምስጋና ይድረሳቸውና ከሌላው ቀድመው ሰርተውበታል። ዳርትመዝ በ2010 በልምምድ ላይ ተጫዋች ተጫዋችን መጣል አቆመ፣ የምህንድስና ተማሪዎቹ በሪሞት ሚሮጥ ሮቦት አሻንጉሊት ሰሩ፣ ልጆቹ እሱን ይጥላሉ። ሊጉ በ2016 በሲዝን ውስጥ ልምምድ ላይ ሙሉ ግጭት ከለከለ፣ የመክፈቻ ምት ሚጀመርበትን መስመር ወደ ፊት አመጣ፣ ብዙ ግጭት ሚፈጠረው ተጫዋቾች ከሩቅ እየሮጡ ሲገናኙ ስለሆነ። ውጤቱ ታትሟል፣ በ1,000 የመክፈቻ ምት 11 ገደማ የነበረው ኮንከሽን ማለትም የጭንቅላት መናጋት ወደ 2 ወረደ። በዋናነት አንዲት መስመር 5 ያርድ በመግፋት። በኔ እይታ ሊጉ በዚህ ዘመን ለፉትቦል ካበረከተው ሁሉ ትልቁ ይሄ ነው።

አሁን ያለንበት ደሞ ይሄ ነው። ጁን 2025 ላይ ዳኛ ክላውዲያ ዊልከን ባፀደቀችው ስምምነት ዩኒቨርሲቲዎች ለተጫዋቾች በቀጥታ መክፈል ተፈቀደላቸው፣ በመጀመሪያው አመት አንድ ትምህርት ቤት እስከ 20.5 ሚሊዮን ዶላር። ሌሎቹ ስመ ጥር ትምህርት ቤቶች ገቡበት፣ ስታንፎርድ ፓሲፊክ ዳር ተቀምጦ በ2024 የአትላንቲክ ዳርቻ ሊግ ውስጥ ገባ፣ የራሱን የድሮ ኮከብ አንድሩ ላክን ፉትቦሉን እንዲመራ ሾመ፣ ኖርዝዌስተርን 850 ሚሊዮን ዶላር ገደማ ሚያወጣ ስታዲየም መስራት ጀመረ፣ ቫንደርቢልት በ2024 አንደኛ የነበረውን አላባማን 40 ለ 35 ሲያሸንፍ ደጋፊው የጎሉን ብረት ነቅሎ ናሽቪል መሀል ወስዶ ወንዝ ውስጥ ጣለው። አይቪ ሊግ ግን አልገባም አለ። ችግሩ ጥሩ የሆነ ተጫዋች ሶስት አመት ዬል ተጫውቶ ስሙ ሲወጣ ሌላው ቦታ ብር ይዞ ይጠብቀዋል፣ ሊጉ ደሞ የማስተርስ ተማሪ እንዲጫወት ስለማይፈቅድ አመት የተረፈው ልጅ ዲግሪውን ይዞ ይሄዳል። አይቪ ሊግ በሩን እንደ ክፍያ መጠቀም ሚችለው በሩ ከብሩ እስከበለጠ ድረስ ነው፣ ለአብዛኛው ልጅ አሁንም ይበልጣል፣ ለጥቂቶቹ ኮከቦች ግን መብለጡ እያበቃ ነው።

የፕሌይኦፉን ውሳኔ እኔ ምረዳው በዚህ መሀል ነው። መክፈል ካልቻልክ ቢያንስ ጨዋታ ስጣቸው። ሀሳቡን ያቀረቡት ራሳቸው የሊጉ ስፖርተኛ ተማሪዎች ናቸው፣ ፕሬዝዳንቶቹ ለአመታት ሲያነሱት የነበረው ምክንያት የዲሴምበር ፈተና ነው፣ ልጆቹ ደሞ ዋናተኛውና የቅርጫት ኳሱ ልጅ ፈተና የለበትም ወይ ብለው ጠየቁ፣ መልስ አልተገኘም። በ2025 ሀርቫርድም ዬልም ገቡ። ሀርቫርድ በመጀመሪያው ዙር ተሸነፈ። ዬል ወደ ኦሃዮ ሄዶ ከያንግስታውን ስቴት ጋር እስከ እረፍት 35 ለ 7 ተበልጦ ከኋላ ተነስቶ 43 ለ 42 አሸንፎ ወጣ፣ ከዛ ወደ ሞንታና በረረ፣ እዛ 21 ለ 13 ተሸንፎ ካምፓሱ ተመለሰ፣ ያኔ የሴሚስተሩ ፈተና ደርሶ ነበር።